የከሰስኩት ሰው ሚስት

እኔ ሰው የማሳስር ሴት አይደለሁም። ማንም ቢጠይቀኝ ደረቴን ነፍቼ የምመልሰው ይህንን ነበር። ምላሴ ረጅም ነው፣ ንዴቴም ቅርብ ነው፤ ደንበኛ ጨቅጭቆኝ ሜትሬን ወርውሬ ከገዛ ሱቄ ወጥቼ ሄጄ አውቃለሁ። ሰው ማሳሰር ግን የሌሎች፣ የክፉዎች ስራ ነው እል ነበር። ጌታ ደግሞ እንዲህ የሚል አፍ ሲሰማ ዝም ብሎ አያልፍም።

መካኒሳ መጋረጃ እሰፋለሁ። ሱቄ ጠባብ ናት፤ ጨርቁ ከተዘረጋ እኔ በር ላይ ነው የምቆመው። ከሷ የምቆጥባትን ታናሽ ወንድሜ ከደመወዙ ከሚያስቀራት ጋር አዳብለን፣ ላፍቶ በኩል ያለችንን የኮንዶሚኒየም ቤት ልንገባባት እናሰናዳ ነበር። የተረከብናት ባዶዋን ነው። ወለሉን አነጠፍን፣ ግድግዳውን ቀባን። የመጋረጃውንማ ነገር ተዉት፤ ቤቱ ሳያልቅ መጋረጃው አለቀ። የቀረው ኩሽናው ነበር። ዕድሜዬን ሙሉ ድስት መሬት ላይ ደርድሬ የኖርኩ ሴት ነኝና ከላይም ከታችም የተሟላ፣ በሩ ሲዘጋ ድምጽ የማያሰማ ካቢኔት ካልተሰራልኝ እግሬን አላስገባም ብዬ ነበር።

አናጢውን ያገኘው ወንድሜ ነው። ከመካኒሳ ወደ ላፍቶ ሲወረድ መንገድ ዳር ወርክሾፕ ነበረችው። ረጅም፣ ቁጥብ ሰው ነው። የደቡብ ልጅ መሆኑ ከአነጋገሩ ያስታውቃል፤ የእኔም ወላጆች ከዚያው ናቸውና ገና ሳየው ወደድኩት። ቤት ድረስ መጥቶ ለካ፣ አላመነውም መሰለኝ ተመልሶ ለካ። የእቃ ማጠቢያው እዚህ ከሆነ ክርንሽ ግድግዳ ይመታል ብሎ ቦታውን አስቀየረኝ። ውሉን ከወንድሜ ጋር ተፈራረሙ፣ ቀብዱም ከወንድሜ ሂሳብ ተላለፈለት። ብዙ ሳይቆይ የታችኛውን ክፍል ከነመሳቢያው አምጥቶ ገጠመ። በሮቹና የላይኛው ክፍል ነበር የቀሩት። አንዷ መሳቢያ ላይ ጠርዙን የምትሸፍነው ስስ ፕላስቲክ መሃል ላይ ተቀጥላለች። እኔ ደግሞ እንዲህ ያለ ነገር አያመልጠኝም፤ ይሄ ምንድነው አልኩት። አልቆብን ነው፣ የቀረውን ሳመጣ እቀይርልሻለሁ አለኝ።

ከዚያ ዶላሩ ዘለለ። የዚያን ሰሞን ያልዘለለ ነገር አልነበረም፤ የእኔም ጨርቅ ማታ የተውኩት ዋጋ ጠዋት ላይ አይገኝም ነበር። እሱ የሚሰራበት ኤምዲኤፍ የሚሉት ቦርድ ጭራሽ ከገበያ ጠፋ፣ ሲገኝም የማይቀመስ ሆነ። ደወልኩ። አቤት እህቴ፣ ትንሽ ታገሱኝ አለ። በማግስቱም ደወልኩ፤ አቤት እህቴ። እንዲህ እየተባባልን ወራት ሄዱ። በኋላ እንደሰማነው የእኛን ቀብድ ከእኛ በፊት ያዘዘ ሰው ስራ ላይ አውሎታል፤ የእኛን ደግሞ ከእኛ በኋላ በሚመጣው ሊሸፍን ነበር ሀሳቡ። ከእኛ በኋላ የሚመጣ ጠፋ።

እኔም ነደደኝ። የሌባ ዓይነ ደረቅ መልሶ ልብ ያደርቅ፣ እያልኩ ሱቅ ለገባ ሁሉ አወራሁት። የሰማው ሁሉ ምክሩ አንድ ነበር፤ ጣቢያ አስጠሩት። በእኛ ሰፈር ይህ እንደ ክፋት አይቆጠርም። ኪራይ ያልከፈለም፣ ብድር ያልመለሰም ፖሊስ ነው የሚጠራበት። በፍትሐ ብሔር ክሰሱ ብሎ የሚመክር ሰው እንደ ሞኝ ነው የሚታየው፤ እሱ መንገድ ረጅም ነው፣ ዳኝነት ይከፈልበታል፣ መጨረሻውን ልጅሽ ነው የሚያየው ይሉሻል። ፖሊስ ግን ያስደነግጣል። አንድ ቀን ብቻ ይደርና ይደንግጥ፣ ከየትም ከየትም ብሎ ያመጣዋል አለኝ ወንድሜ። እኔም ይደንግጥ አልኩ። እውነቴን ነው የምላችሁ፣ ከዚያ ያለፈ ነገር በልቤ አልነበረም። ልቤ ግን ፊርማ አላኖረም፤ እጄ ነው ያኖረው።

ጣቢያ የተቀበለን መርማሪ ነገሩን ግልጽ አድርጎ ነገረን። የዘገየባችሁ እንደሆነ የእኛ ስራ አይደለም፣ በውላችሁ ሂዱ። ገና ከመነሻው ላይሰራ አስቦ ገንዘባችሁን ከወሰደ ግን አታላይነት ነው፣ ወንጀል ነው አለን። ከዚያ ብዕሩን ይዞ ጠበቀ። ወንድሜ፣ ከመነሻውም ሊሰራ አስቦ አይደለም አለ። መርማሪው ወደ እኔ ዞረ። መሳቢያዎቹ ትዝ ብለውኛል። ተመልሶ የለካው ትዝ ብሎኛል። «አላሰበም» አልኩ። ከአፍ የወጣ አፋፍ ይላሉ፤ እኔ ደግሞ ፈረምኩበት።

ዓርብ ከሰዓት ከወርክሾፑ ወሰዱት፤ ወንድሜ ደውሎ ነገረኝ። ማሽን ላይ ነበርኩ። ይበለው አልኩና መዝሙሬን እያንጎራጎርኩ ስፌቴን ቀጠልኩ። ከሁሉ ከሁሉ ይህቺ ማንጎራጎሬ ናት የምታሳፍረኝ።

ማክሰኞ ማክሰኞ የእህቶች ጸሎት አለን። በየቤቱ እየዞርን ነው የምንሰበሰበው፤ መሪያችን ብስራተ ገብርኤል አካባቢ የሚኖሩ ትልቅ ሴት ናቸው። የዚያ ሳምንት ተራ የእሳቸው ቤት ነበር። በቅርብ የተቀላቀለችን አንዲት ልጅ አለች፤ ከባሏ ጋር ከደቡብ መጥታ እዚሁ የቀረች፣ በዚህ ከተማ ሌላ ዘመድ የሌላት፣ ሁለት ትንንሽ ልጆች ያሏት። ዝምተኛ ስለነበረች ባሏ ምን እንደሚሰራ እንኳን ጠይቄያት አላውቅም። ያን ቀን ባዶ የምሳ እቃ ይዛ ገባች። የጸሎት ርዕስ ያላት ሲባል እጇን አነሳች።

ባሏ መታሰሩን ተናገረች። ዓርብ ከስራ ቦታው እንደወሰዱት፣ ስንቅ አድርሳ አሁን ከዚያው መምጣቷን፣ የተከራዩበት ግቢ ሰው ከዚያች ቀን ጀምሮ ሰላም እንደማይላት አወራች። ከዚያ ድምጿ ተሰበረና እንዲህ አለች።

«ላይሰራ አስቦ ነው ገንዘቡን የወሰደው ብለው ነው አሉ የከሰሱት። እኔ እኮ ነኝ የመሳቢያዎቹን ጠርዝ የለጠፍኩት። ፕላስቲኩ አልቆብን ቀጣጥዬ ነው የለጠፍኩት፣ ለምን ቀጠልሽ ብሎ ተቆጥቶኛል። የማይሰራ ሰው ጠርዝ ያስለጥፋል?»

ያቺ የተቀጠለች መሳቢያ ዓይኔ ላይ መጥታ ቆመች። መሪያችን ዓይናቸውን ጨፍነው ራሳቸውን እየነቀነቁ፣ አንቺ ምሪን አሉኝ። ሁልጊዜ እኔን ነው የሚያስመሩት፤ ድምፅሽ ጉልበት አለው ይሉኛል። ተነሳሁ። ምን እንዳልኩ በደንብ አላስታውስም፣ ጌታ ሆይ የእስረኛውን ሰንሰለት ፍታ ያልኩ ይመስለኛል። መሪያችን ቀስ ብለው፣ ለከሳሾቹም፣ ልባቸው እንዲራራ አሉኝ። ለከሳሾቹም ጸለይኩ። ልጅቷ ከሁሉም በላይ ጮክ ብላ አሜን አለች።

ከዚያ ስንወጣ ትከሻዬ ላይ ተደፍታ አለቀሰች። እኔም አለቀስኩ። ሰው እንዲህ የምናለቅሰው በፍቅር መስሎት ነበር።

በነጋታው ወንድሜን ይዤ ጣቢያ ሄድኩ፤ ክሱን ትተናል ልንል። መዝገቡ ወደ ዐቃቤ ሕግ ሄዷል አሉን። ዐቃቤ ሕግ ዘንድ ሄድን፤ ጠረጴዛው ላይ ያለው ወጣት ሳይቆጣ አስረዳን። ይሄ ወንጀል ነው ብላችሁ ነው ያመለከታችሁት፤ ወንጀል ከሆነ የሚከሰው መንግሥት ነው፤ እናንተ አሁን ምስክሮች ናችሁ እንጂ ከሳሽ አይደላችሁም፤ ታረቅን ብትሉም የኛ መዝገብ አይዘጋም። ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ ማለት ይህ ነው። ደረጃውን ስንወርድ ወንድሜ፣ የፈለግነው እኮ ኩሽናችንን ነው፣ ምን ያስለቅስሻል አለኝ። የልጅቷን ነገር ነገርኩት። እስከ ታክሲው ድረስ ከፊቴ ከፊቴ ሄደ።

እንግዲህ ልንገራት እያልኩ ነው ማክሰኞዎቹ የሚያልፉት። ዛሬ እነግራታለሁ ብዬ እወጣለሁ፣ እሷ ደግሞ ገና ከበር ስታየኝ አጠገቧ ቦታ ትለቅልኛለች። ሌላው ሰው፣ ለመሆኑ ገንዘቡን ምን አደረገው እያለ ሲመረምራት እኔ ብቻ ነበርኩ ምንም የማልጠይቃት። እሷ ይህን ከደግነት ቆጠረችልኝ። ምን ልጠይቃት? መልሱን ሁሉ ከሷ በላይ የማውቀው እኔ ነኝ።

ፍርድ ቤቱ ዋስትና ፈቀደለት። የዋስትናው ገንዘብ ግን ከእጃቸው በላይ ሆነ። የእህቶች ህብረት እናዋጣ አለ። ሁሉም ከመቀነቷ ፈታ ያላትን ሰጠች። እኔ ለካቢኔቱ በሮች ያስቀመጥኩትን እንዳለ አምጥቼ አስረከብኩ። መሪያችን ፊት ለፊት አስነስተው፣ ፍቅር በስራ ሲገለጥ እዩ ብለው ባረኩኝ፣ እህቶችም አጨበጨቡ። ያሰርኩትን ሰው በማስፈታቴ ተጨበጨበልኝ! መሬት ተሰንጥቃ ብትውጠኝ ያን ቀን ደስ ባለኝ።

በሳምንቱ እንኳን ለቤትህ አበቃህ ልንለው በሙሉ ወደ ቤታቸው ተነሳን። አሞኛል ብዬ ነበር። የሰጠሽው አንቺ፣ የምትቀሪው አንቺ ብለው እየሳቁ ጎተቱኝ። ዳቦና ለስላሳ ይዘን ከላፍቶ ታች ባለች አንዲት የኪራይ ግቢ ገባን። በሩን የከፈተው ራሱ ነው። ከስቷል፣ ጢሙ አድጓል። ከፊት የነበሩትን አንድ በአንድ ሳመ፤ እኔ ጋ ሲደርስ ቆመ። ዓይን ለዓይን ተያየን። ሚስቱ ከጀርባው ብቅ ብላ፣ ያቺ ብዙውን የሰጠችው እህት ይቺ ናት አለችው።

እሱም እጁን ዘረጋልኝና «እግዚአብሔር ይስጥልኝ እህቴ፣ ግቢ» አለኝ።

ገባሁ። ዳቦውን ባርከን ቆረስን። እኔ ዘንድ ያለችው ቁራሽ እጄ ውስጥ ረጠበች። አሁን ይናገራል፣ አሁን ይናገራል እያልኩ አፍ አፉን አየሁት። አልተናገረም። ሲሸኘንም አልተናገረም። ለሚስቱ ከሄድን በኋላ ይነግራታል ብዬ ያን ሌሊት እንቅልፍ የሚባል አልነካኝም፤ ማክሰኞ ስሄድ ግን ልጅቷ እንደ ልማዷ አጠገቧ ቦታ ለቃልኝ ጠበቀችኝ።

ክሱ ተመሠረተ፣ ቀጠሮ ደረሰ፣ የምስክር መጥሪያ ሱቄ ድረስ መጣልኝ። ልጅቷ በዚያ ሳምንት፣ ባለቤቴ ችሎት አትምጪ አለኝ፣ የክሱንም ወረቀት አላሳየኝም፣ አፍሮ ነው መሰለኝ እያለች ታዝንለት ነበር። እኔም አፍሮ ነው አልኳት። ብትመጣ እኔን ከምስክር መቆሚያው ላይ እንደምታገኘኝ አልጠፋኝም። አለመምጣቷ ደስ አለኝ፤ ለምን እንዳላመጣት ግን ልጠይቅ አልሞከርኩም።

ያን ቀን ወንድሜ መሰከረ፣ ከዚያ እኔ ተጠራሁ። እጄን አንስቼ እውነት ልናገር ማልኩ። ዐቃቤ ሕጉ የጠየቀኝን መለስኩ፤ ቀብድ መክፈላችንን፣ ስራው አለመጠናቀቁን። ቀጥሎ መንግሥት ያቆመለት ተከላካይ ጠበቃ ተነሳ። ገና ልጅ ነው፣ ሱሪው እንኳን ረዝሞበታል። ስልክ ደውለው ሳያነሳ የቀረበት ቀን አለ ወይ አለኝ። የለም አልኩ። ወርክሾፑን ዘግቶ ጠፍቶ ያውቃል ወይ አለ። እዚያው ነው የተያዘው አልኩ።

«ታዲያ ሊያታልል አስቦ እንደነበር በምን አወቁ?»

«ስለዘገየ» አልኩ።

«ስራዎ ምንድነው?»

«መጋረጃ እሰፋለሁ።»

«ቀብድ ተቀብለው ዘግይተው ያውቃሉ?»

በዚያች ሰዓት ሱቄ ውስጥ የአንዲት ሙሽራ መጋረጃ ተቆርጦ ሳይሰፋ ተቀምጧል። ሰርጓ አልፏል። ዛሬ ነገ እያልኩ የሸነገልኳት ሴት ወንድም እንደ እኔ ወንድም ቢሆን ኖሮ፣ ያ ሳጥን ውስጥ ቆማ የምትጠየቀው እኔ ነበርኩ። አውቃለሁ፣ ዘግይቼ አውቃለሁ አልኩ። ድምፄ ያ ጉልበት አለው የሚሉት ድምጽ አልነበረም፤ ዳኛዋ አልሰማሁም ብለው አስደገሙኝ።

ከዚያ ራሳቸው ጠየቁኝ። ተከሳሹ ከስራው ያቀረበው ነገር አለ ወይ አሉ። አለ፣ የታችኛው ክፍል ከነመሳቢያው ገብቷል አልኩ። ይህንን ለፖሊስ ተናግረው ነበር ወይ አሉኝ። አልተጠየቅኩም አልኩ። አልዋሸሁም፣ አልተጠየቅኩም። አፍ ግን ነበረኝ። ሰው ይበለው ለማለት ሳይጠየቅ የሚከፈት አፍ። አናጢው ተከሳሽ ሳጥን ውስጥ ሆኖ እግሩን ነበር የሚያየው፤ አንድም ጊዜ ቀና ብሎ አላየኝም።

ለብይን በተቀጠረበት ቀን ማንም ሳይጠራኝ ሄጄ ከኋላ ወንበር ተደብቄ ተቀመጥኩ። ዳኛዋ አነበቡ። ቋንቋው ከባድ ነው፤ ፍሬ ነገሩ ግን እኔም ገባኝ። የቀረበው ማስረጃ ተከሳሹ ውሉን በጊዜው አለመፈጸሙን ነው የሚያሳየው እንጂ ከመነሻው ለማታለል ማሰቡን አያሳይም፤ ስራ ጀምሯል፣ ከቦታው አልጠፋም፤ ይህ በፍትሐ ብሔር የሚጠየቅ የውል ክርክር ነው፤ ዕዳን ለማስከፈል ሰው በወንጀል አይከሰስም አሉ። ስለዚህ መከላከል ሳያስፈልገው በነፃ ይሰናበት፣ ገንዘብ አለኝ የሚል ወገን መብቱን በፍትሐ ብሔር ይጠይቅ። ቀጣይ መዝገብ ተጠራ። የዚያን ያህል ነው። ወራት ሙሉ የከረመ የሰው ሕይወት በአንድ ገጽ ተዘጋ። እኔ እንኳን የሙሽራዋን መጋረጃ እስከዛሬ አልሰፋሁም።

ወንድሜ በፍትሐ ብሔር እንክሰስ ብሎ ነበር። ተወው አልኩት። እሱም ብዙ አልተከራከረኝም።

ማክሰኞ ልጅቷ ቆማ ጌታን አመሰገነች። እግዚአብሔር ይመስገን፣ እናንተ ጸለያችሁ፣ ሰማ አለች። ወደ እኔ እያየች ነው ያለችው። እኔ ከመሬት ዓይኔን አላነሳሁም፤ ትህትና መሰላቸው።

ብዙም ሳይቆይ አናጢው ደወለ። አቤት እህቴ የሚል ድምጽ ለምጄ አሁን አቤት የምለው እኔ ሆንኩ። ቦርድ አግኝቻለሁ፣ ስራሽን ልጨርስ አለኝ። አያስፈልግም፣ ይቅርብህ ብለው፣ ውል ውል ነው አለ። ብቻውን መጣ። ቀኑን ሙሉ ሲገጥም እኔ ደጃፍ ላይ ቆሜ ዋልኩ። የላይኛውን ክፍል ጠርዝ ራሱ ለጥፎት ነው የመጣው። ያኔ ልብ አላልኩም፤ ለማን እንደሚሰራ ሚስቱ እንዳታውቅ ብሎ መሆኑ የገባኝ በኋላ ነው። እቃውን ሲሰበስብ ጠብቄ ይቅርታ ጠየቅኩት።

እሱም፣ እኔም ንጹህ አይደለሁም፣ ገንዘባችሁን ሌላ ሰው ስራ ላይ አውያለሁ አለኝ። ለምን ለሚስቱ እንዳልነገራት ጠየቅኩት። መሰርሰሪያውን ሳጥኑ ውስጥ አስተካክሎ አስቀመጠ።

«ግቢው ውስጥ የሌባ ሚስት ነው የምትባለው» አለኝ። «በነፃ ወጣሁ ብልም ያው ነው። ማክሰኞ ማክሰኞ ብቻ ነው ፊቷ ፈክቶ ወደ ቤት የምትመጣው። ያንን እንዳላሳጣት ነው። አንቺም ልቤ ይቅለልልኝ ብለሽ የእሷን እንዳታፈርሺባት።»

እሺ አልኩ። ሊወጣ ሲል ያቺን የተቀጠለች መሳቢያ አስታውሶ፣ ጠርዟን ልቀይርልሽ አለ። እኔ ደግሞ ደግ መሆን አማረኝ። ተወው፣ እንዲሁ ትሁን አልኩት። እንደገና ላደክመው የማልፈልግ መልካም ሴት መስዬ ታየሁ ለራሴ። ምናለ ያኔ እንኳን ጨቅጫቃ ብሆን ኖሮ።

ቤቱ ውስጥ ገባን። በእኛ ዘንድ አንዲት እህት አዲስ ቤት ስትገባ ህብረቱ ሄዶ ይጸልይላታል። ቤቴ ጠባብ ነው፣ ሰላም ስሆን እጠራችኋለሁ ብዬ ማምለጥ እችል ነበር። ይህንን ለራሴ ስንት ጊዜ እንደምለው አትጠይቁኝ። ግን ኩሽናዬ እንዲታይልኝ ፈልጌ ነበር። ይኸው፣ ሌላ ምክንያት የለውም። በሮቹ ተገጥመዋል፣ ሲዘጉ ድምጽ አያሰሙም፣ የተቀጠለችው ጠርዝም መሳቢያው ካልተሳበ አትታይም፤ ሳሎን አስቀምጣቸዋለሁ፣ ከበር ሆነው አይተው ይመለሳሉ ብዬ አሰብኩ። ወንድሜም ስራ ነበር።

መጡ። እህቶች ካቢኔቱን ከበር ሆነው አይተው እሰይ፣ እሰይ አሉልኝ። ልጅቷ ገና ወደ ኋላ ቀርታ ጫማዋን እየፈታች ነበር። ሻይ ስቀዳ ግን ልታግዘኝ ተከትላኝ ገባች። ምንም አላየችም፣ እያወራችኝ ነበር፤ ትንሹ ልጇ መራመድ መጀመሩን ነው የምትነግረኝ። ማንኪያ የት ነው ብላ መሳቢያ ሳበች።

ወሬዋ ቆመ። እኔ ጀርባዬን ሰጥቼ ስኳር እየጨመርኩ ስለነበር መጀመሪያ አልገባኝም። ዞር ስል ጣቷ ጠርዟ ላይ ነው። የተቀጠለችበትን ቦታ ዳሰሰችው። እንደገና ዳሰሰችው። ከዚያ ቀና ብላ አየችኝ። ለምን አላለችኝም። መቼ አላለችኝም። እንድትጠይቀኝ ጠበቅኩ፤ ብትጠይቀኝ ሁሉንም እነግራት ነበር፣ መሬት ላይ ተንበርክኬም ቢሆን። እሷ ማንኪያዎቹን አንድ በአንድ አወጣች፣ መሳቢያውን ቀስ አድርጋ ዘጋች፣ ትሪውን አንስታ ሳሎን ወጣች። ለሁሉም አዳረሰች። ለእኔም ሰጠችኝ።

መሪያችን ሻዩ ካለቀ በኋላ ወደ እሷ ዞረው፣ አንቺ ባርኪላት፣ የልብ ጓደኛሽ ናት አሉ። ልጅቷ ተነሳች። ዓይኗን ጨፍና ቆመች፤ እህቶች መንፈስ የነካት መስሏቸው ሀሌሉያ ሀሌሉያ ይሉ ነበር።

«ጌታ ሆይ፣ ይህን ቤት ባርክ» አለች። «የሰራውንም እጅ አስብ።»

ተቀመጠች። ሁሉም አሜን አለ። እኔ አሜን ማለት ከበደኝ።

ከዚያ ማክሰኞ ጀምራ አልመጣችም። ባሏ ችሎት ቆሞ፣ ወረቀት ደብቆ የጠበቀላትን አንዲት ቦታ እኔ በአንድ ኩሽና አሳጣኋት። እሱም ደውሎ አልወቀሰኝም። ቢሰድበኝ ይሻለኝ ነበር።

ባለፈው ሳምንት መሪያችን ስም እየጠሩ የቀሩትን ይጠይቁ ነበር። እሷ ጋ ሲደርሱ ሁሉም ወደ እኔ ዞሩ።

«አንቺ ሂጂና አምጫት» አሉኝ። «ከሁላችንም አንቺን ነው የምትወደው።»

እሺ አልኩ። ቤቷን አውቀዋለሁ፣ ከእኔ ቤት በእግር ይደረሳል። እስካሁን አልሄድኩም።